መሣሪያውን መግዛት አንድ ጊዜ ነው፤ ማደስ ግን በየጊዜው
ስለ መኪና መመርመሪያ ስካነር የሶፍትዌር እድሳት ለሰበካ ጉባኤያትና ለካህናት የቀረበ ማብራሪያ

በቤኒሻንጉል ጉሙዝ ክልል የአጥቢያ ሥራ ከመኪና የተነጠለ አይደለም። ከአሶሳ ተነሥቶ ወደ ባምባሲ፣ ወደ ሆሞሻ፣ ወደ መንጌ ወይም ወደ ኩርሙክ የሚላክ የግንባታ ዕቃ፣ የእርዳታ እህልና የትምህርት ቤት መጽሐፍ፣ እንዲሁም ለአገልግሎት የሚንቀሳቀስ ካህን የሚጓዘው በፒካፕ፣ በላንድክሩዘር ወይም በአይሱዙ ነው። አጥቢያው የራሱ መኪና ባይኖረውም እንኳ የተከራየው መኪና መንገድ ላይ ሲቆም ሥራው አብሮ ይቆማል። ዋናው የመለዋወጫ ገበያ ያለው አዲስ አበባ ሲሆን፣ እርሱም በነቀምት፣ በጊምቢና በመንዲ በኩል ከ650 ኪሎ ሜትር በላይ ይርቃል። በቅርብ ዓመታት በነበረው የጸጥታ ችግር ይህ መንገድ በተደጋጋሚ ሲስተጓጎል እንደነበረ የአካባቢው ነዋሪ ሁሉ ያውቀዋል። በመሆኑም በዚህ አካባቢ የተሳሳተ ዕቃ ማስመጣት የገንዘብ ብቻ ሳይሆን የሳምንታትም ኪሳራ ነው።

የዚህ ጽሑፍ ዓላማ አንድን ጉዳይ ማስረዳት ነው። ጋራዦች የመኪናን ብልሽት የሚያነቡበት የመመርመሪያ መሣሪያ፣ በተለምዶ “ስካነር” የሚባለው፣ በውስጡ ያለው ሶፍትዌር ካልታደሰ የሚያየው እየቀነሰ፣ የሚሰጠውም ፍርድ እየተሳሳተ ይሄዳል። ስለዚህ መኪና የሚያስጠግን ሰበካ ጉባኤም ሆነ ወጣቶችን በመካኒክነት ለማቋቋም ያሰበ የልማት ኮሚቴ ስለ መሣሪያው መኖር ብቻ ሳይሆን ስለ እድሳቱም ሊጠይቅ ይገባዋል።

መኪና በኮምፒውተር የሚመረመረው ለምንድን ነው?

የቀድሞ ሞተሮች ነዳጅ የሚያገኙት በሜካኒካል ፖምፓ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1990 ገበያ ላይ የዋለው የቶዮታ 4.2 ሊትር “1ኤችዜድ” የናፍጣ ሞተር ለዚህ ጥሩ ምሳሌ ነው። በእርዳታ ድርጅቶች ዘንድ የታወቀው “ሀርድቶፕ” ላንድክሩዘር ለረጅም ዘመን የተጓዘው በዚህ ሞተር ነው። ልምድ ያለው መካኒክ ጭሱን አይቶ፣ ድምፁን ሰምቶ፣ ፖምፓውንና ኖዝሉን ፈትሾ በሽታውን ይለያል፤ ስካነር አያሻውም።

ከዚያ በኋላ የመጡት ሞተሮች ግን በኤሌክትሮኒክስ የሚታዘዙ ናቸው። “ዲ-4ዲ” የሚል ጽሑፍ ያለባቸው የቶዮታ ሃይሉክስ መኪናዎች ናፍጣውን “ኮመን ሬል” በሚባል የጋራ ቱቦ ውስጥ በከፍተኛ ግፊት አጠራቅመው በኤሌክትሪክ በሚከፈቱ ኢንጀክተሮች ይረጩታል። መቼና ምን ያህል እንደሚረጭ የሚወስነው የሞተሩ ኮምፒውተር ነው። ኮምፒውተሩ በየቦታው ከተተከሉ ሴንሰሮች ስለ ሙቀት፣ ስለ ግፊትና ስለ ፍጥነት መረጃ ይቀበላል። ያልተለመደ ነገር ሲያገኝ በዳሽቦርዱ ላይ “ቼክ ኢንጂን” የሚባለውን መብራት ያበራል፤ ያየውንም በኮድ መልክ ይመዘግባል። ብልሽቱ ከባድ ሆኖ ከተገኘ ሞተሩን ለመጠበቅ ጉልበቱን ይቀንሳል።

ይህንን ኮድ ማንበብ የሚቻለው በመሪው ሥር በሚገኝ ባለ 16 ፒን ሶኬት ላይ ስካነር በመሰካት ነው። አሜሪካ እ.ኤ.አ. ከ1996 ስሪት ጀምሮ መኪናዎች ሁሉ ይህን አንድ ወጥ የመመርመሪያ ሥርዓት እንዲይዙ በሕግ አስገደደች። የአውሮፓ ኅብረትም ለቤንዚን መኪና ከ2001፣ ለናፍጣ መኪና ከ2004 ጀምሮ ተመሳሳይ ግዴታ አወጣ። ወደ ሀገራችን ከሚገቡት መካከል ግን ለሌላ ገበያ የተሠሩ መኪናዎችም ስላሉ፣ ሶኬቱ አንድ ዓይነት ሆኖ ሳለ የመኪናው “ቋንቋ” የተለየ ሊሆን ይችላል። ርካሹ የኮድ ማንበቢያ ከአንዳንድ መኪናዎች ጋር አልግባባ የሚልበት አንዱ ምክንያት ይህ ነው።

ኮዱ የሚናገረውና የማይናገረው

ኮዱ አንድ ፊደልና አራት ተከታይ ምልክቶች አሉት። “ፒ” ሞተርንና ማርሽን፣ “ሲ” ፍሬንንና የመሳሰለውን፣ “ቢ” አካልን፣ “ዩ” በኮምፒውተሮች መካከል ያለውን ግንኙነት ያመለክታሉ። ከፊደሉ ቀጥሎ የሚመጣው ቁጥር ዜሮ ከሆነ ኮዱ ለሁሉም አምራቾች የጋራ ነው፤ አንድ ከሆነ ግን ትርጉሙን የወሰነው አምራቹ ኩባንያ ነው።

ለምሳሌ “ፒ0087” በጋራ ቱቦው ውስጥ ያለው የነዳጅ ግፊት ከሚጠበቀው በታች መሆኑን ይገልጻል። ማንኛውም ስካነር ያነበዋል። “ፒ1229” ግን በቶዮታ የናፍጣ ሞተሮች የነዳጅ ፖምፓውን አሠራር የሚመለከት የአምራቹ ኮድ ነው። የቶዮታን መረጃ ያልያዘ ስካነር ቁጥሩን ብቻ አሳይቶ ትርጉሙን ባዶ ሊተወው፣ ወይም የሌላ ኩባንያን ትርጉም ሊያወጣ ይችላል።

ኮድ ምልክት እንጂ ፍርድ አለመሆኑን ማስተዋል ያሻል። የነዳጅ ግፊት ያነሰው ማጣሪያው ተደፍኖ፣ በናፍጣው ውስጥ ውኃ ገብቶ፣ ቱቦ አየር ስቦ፣ ኢንጀክተር አፍስሶ ወይም ፖምፓው ደክሞ ሊሆን ይችላል። ነዳጅ በጀሪካንና በበርሜል በሚዘዋወርበት አካባቢ ደግሞ የማጣሪያ መደፈን ተደጋጋሚ ምክንያት ነው። የማጣሪያ ዋጋ ከፖምፓ ዋጋ ጋር የሚነጻጸር አይደለም። በሁለቱ መካከል ለመለየት መካኒኩ ሞተሩ እየሠራ ሳለ የሚታየውን የግፊት ልክ መከታተል አለበት፤ ይህንንም የሚያሳየው የመኪናውን ስሪት በሚገባ የሚያውቅ ስካነር ነው።

እድሳት ሲባል ምን ማለት ነው?

ስካነር ከመዝገበ ቃላት ጋር ይመሳሰላል። የማያውቀውን ቃል ሊተረጉም አይችልም። መኪና አምራቾች በየዓመቱ አዳዲስ ስሪቶችን፣ አዳዲስ ኮምፒውተሮችንና አዳዲስ ኮዶችን ያወጣሉ። የስካነር ሠሪዎች፣ ለምሳሌ በብዙ ጋራዦች የሚታወቁት የቻይናዎቹ ላውንችና ኦቴል፣ ይህን አጥንተው ወደ ሶፍትዌራቸው ይጨምራሉ፤ ቀድሞ የነበሩ ስሕተቶችንም ያርማሉ። ይህን አዲስ ሶፍትዌር በኢንተርኔት ተቀብሎ በመሣሪያው ላይ መጫን እድሳት፣ በጋራዦች አነጋገር “አፕዴት ማድረግ” ይባላል።

እድሳቱ በብዙ መሣሪያዎች ላይ ከግዢው በኋላ ለተወሰነ ጊዜ ብቻ በነጻ ይሰጣል። ጊዜው ሲያበቃ ዓመታዊ ክፍያ ይጠየቃል። ክፍያው ሲቋረጥ ብዙዎቹ መሣሪያዎች መሥራት አያቆሙም፤ የሚያውቁትን እንደያዙ ይቀጥላሉ። ችግሩ የሚደበቀውም እዚህ ላይ ነው። መሣሪያው ይበራል፣ ይሰካል፣ ኮድም ያወጣል፤ ስለዚህ ጤነኛ ይመስላል።

እ.ኤ.አ. በ2015 ቶዮታ ሃይሉክስን በአዲስ ትውልድ፣ አዲስ ባለ 2.4 እና ባለ 2.8 ሊትር የናፍጣ ሞተር ገጥሞለት አወጣ። በ2014 ለመጨረሻ ጊዜ የታደሰ ስካነር ይህን መኪና ከነስሙም አያውቀውም። መካኒኩ የቀድሞውን ሃይሉክስ መርጦ ለመግባት ከሞከረ አንዳንዱን ኮምፒውተር ያገኛል፣ አንዳንዱን ያጣል፤ ያጣውንም “ብልሽት የለም” ብሎ ሊተረጉመው ይችላል።

ከዚህ እድሳት ጋር የሚምታታ ሌላ ሥራም አለ። እርሱም የመኪናውን የራሱን ኮምፒውተር ሶፍትዌር መለወጥ ነው። የመጀመሪያው የሚነካው ስካነሩን ብቻ በመሆኑ ቢሰናከል መሣሪያው ይቸገራል እንጂ መኪናው አይጎዳም። ሁለተኛው ግን የመኪናውን “አእምሮ” እንደገና መጻፍ ነው። በመካከል ባትሪው ቢደክም ወይም ግንኙነቱ ቢቋረጥ የሞተሩ ኮምፒውተር ከሥራ ውጭ ሊሆን ይችላል። ስለዚህ ባለሙያው “ሶፍትዌሩን ላድሰው” ሲል የስካነሩን ነው ወይስ የመኪናውን ብሎ መጠየቅ ተገቢ ነው። የመኪናው ከሆነ ሥራው የአምራቹን ትክክለኛ ፋይል፣ በቂ መሣሪያና የማያቋርጥ ኃይል ይጠይቃል።

ያልታደሰ መሣሪያ የሚያስከትለው ኪሳራ

የመጀመሪያው ኪሳራ በግምት ዕቃ መቀየር ነው። ስካነሩ የአምራቹን ኮድ ሳይተረጉም ሲቀር መካኒኩ ወደ ግምት ይገባል፤ ፖምፓ ይታዘዛል፣ ከአዲስ አበባ ይመጣል፣ ይገጠማል፣ መብራቱ ግን ተመልሶ ይበራል። ለዚህ የሚወጣው ገንዘብ ምእመናን በሙዳየ ምጽዋት ያስቀመጡት ነው።

ሁለተኛው ኪሳራ የተጀመረ ጥገና ሳይጠናቀቅ መቅረቱ ነው። በብዙ የኮመን ሬል ሞተሮች ላይ ኢንጀክተር ሲቀየር በላዩ የተጻፈው መለያ ኮድ ወደ ሞተሩ ኮምፒውተር በስካነር መመዝገብ አለበት። ኮዱ ካልተመዘገበ አዲሱ ኢንጀክተር ተገጥሞም ሞተሩ ሊንቀጠቀጥና ሊያጨስ ይችላል፤ የዕቃው ሻጭም ያለ ጥፋቱ ይወቀሳል። ይህን የመመዝገብ ተግባር የሚጨምረው የመኪናውን ስሪት የሚያውቅ ሶፍትዌር ነው።

ሦስተኛው የጊዜ ኪሳራ ነው። በክረምት መኪና በኩርሙክ ወይም በሸርቆሌ መንገድ ላይ ሲቆም የሚጠብቀው ሕዝብ ብዙ ነው። የሸርቆሌ የስደተኞች ጣቢያ እ.ኤ.አ. ከ1997፣ የባምባሲው ከ2012 ጀምሮ ያሉ ናቸው፤ ወደነዚህ ጣቢያዎችና በዙሪያቸው ወዳሉ መንደሮች የሚሄድ አገልግሎት ሁሉ በመኪና ላይ የተመሠረተ ነው።

ሁሉንም ማደስ ያስፈልጋልን?

አያስፈልግም። በዚህ ረገድ ሚዛናዊ መሆን ተገቢ ነው። ወደ ጋራዡ የሚመጡት ሀርድቶፕ ላንድክሩዘርና የቆዩ አይሱዙዎች ብቻ ከሆኑ ለእድሳት የሚከፈል ገንዘብ ብክነት ነው። እ.ኤ.አ. እስከ 2010 ለተሠሩ መኪናዎችም ከዚያ በኋላ የታደሰና በደንብ የሚሠራ መሣሪያ ለብዙው ሥራ ይበቃል፤ የአሮጌ መኪና ኮድ በየዓመቱ አይለወጥምና።

ስለዚህ አስቀድሞ የሚያስፈልገው የመኪናዎች ዝርዝር ነው። በስድስት ወር ውስጥ ወደ ጋራዡ የመጡት መኪናዎች ስም፣ ሞዴልና የስሪት ዓመት በመዝገብ ላይ ይጻፍ። ከመካከላቸው ስካነሩ ያላወቃቸው ስንት ናቸው? ብዙ ከሆኑ እድሳቱ ራሱን በራሱ ይከፍላል፤ ጥቂት ከሆኑ አንድ ዓመት ዘልሎ በሚቀጥለው መክፈል ይቻላል።

በዚህ ላይ አንድ ጥንቃቄ አለ። ስካነሩ የሚጠይቀው የስሪት ዓመት በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው። ባለቤቱ “የ2008 መኪና ነው” ሲል በኢትዮጵያ አቆጣጠር መናገሩ ከሆነ፣ በስካነሩ ላይ 2008 ብሎ መምረጥ መሣሪያውን ወደ ሌላ ትውልድ መኪና ይመራዋል። በዚህ ምክንያት የታደሰ መሣሪያ እንኳ ያልታደሰ ሊመስል ይችላል። ከቃል ይልቅ የሻንሲ ቁጥሩን ማየት ይሻላል።

እድሳትን በአሶሳ ሁኔታ ማከናወን

የመጀመሪያው እንቅፋት ክፍያ ነው። እድሳቱ የሚከፈለው በውጭ ምንዛሬ ነው። ሐምሌ 2016 ዓ.ም. የምንዛሬ ሥርዓቱ በገበያ እንዲመራ ከተወሰነ በኋላ በ57 ብር አካባቢ የነበረው ዶላር በሳምንታት ውስጥ ከ100 ብር በላይ ሆነ። በመሆኑም በዶላር ዋጋው ያልተለወጠ እድሳት እንኳ በብር ሲሰላ በእጅጉ ጨምሯል። አንዳንድ ጋራዦች መሣሪያውን በሸጠላቸው ነጋዴ በኩል በብር ይከፍላሉ፤ ይህ የሚቻል ቢሆንም ደረሰኝና የእድሳቱን የማብቂያ ቀን በጽሑፍ መቀበል ያስፈልጋል።

ሁለተኛው ኢንተርኔት ነው። የሁሉንም መኪና ሶፍትዌር በአንድ ጊዜ ማውረድ ከባድና ብዙ ዳታ የሚበላ ነው። መሣሪያው በመኪና ስም እየለዩ ማውረድን የሚፈቅድ ከሆነ፣ በዝርዝሩ ላይ የተገኙትን፣ ለምሳሌ ቶዮታን፣ አይሱዙን፣ ኒሳንን፣ ሚትሱቢሺንና ሱዙኪን ብቻ ማስቀደም ይበቃል። መስመሩ በሚቀልበት በሌሊት ወይም በማለዳ፣ አስተማማኝ ዋይፋይ ባለበት ቦታ ማከናወንም ይረዳል።

ሦስተኛው ኤሌክትሪክ ነው። እድሳት በመካከል ሲቋረጥ መሣሪያው ሊታመም ስለሚችል ባትሪው አስቀድሞ ሙሉ በሙሉ ይሞላ፤ ሥራውም ቻርጀር ላይ ተሰክቶ ይከናወን። መብራት የሚጠፋበት ሰዓት የሚታወቅ ከሆነ ከዚያ ሰዓት መራቅ ነው።

አራተኛው የተቀዳ መሣሪያ ነው። በገበያ ላይ የታወቀ ስም ተለጥፎባቸው በርካሽ የሚሸጡ ቅጂዎች አሉ። ለጊዜው ይሠራሉ፤ ነገር ግን ከሠሪው ኩባንያ ጋር ሲገናኙ መለያ ቁጥራቸው ስለማይታወቅ እድሳት ይከለከላሉ፣ አንዳንዴም ተቆልፈው ይቀራሉ። ከግዢ በፊት የመለያ ቁጥሩን በኩባንያው ዘንድ ማስመዝገብ የሚቻል መሆኑን ማረጋገጥ የሚገባው ለዚህ ነው።

አምስተኛው ብዙ ጊዜ የሚዘነጋው ነው። መሣሪያው የሚመዘገበው በኢሜይልና በይለፍ ቃል ነው። በማኅበር የተደራጁ ወጣቶች መሣሪያ በአንድ አባል የግል ኢሜይል ከተመዘገበ ያ አባል ወደ ሌላ ከተማ ሲሄድ የእድሳት መብቱ አብሮት ሊሄድ ይችላል። ምዝገባው በማኅበሩ ስም ይሁን፤ የይለፍ ቃሉም ታሽጎ በገንዘብ ያዡ ካዝና ይቀመጥ።

ሰበካ ጉባኤ ምን ይጠይቅ?

የጉባኤው አባላት መካኒክ መሆን አይጠበቅባቸውም። ጥያቄ መጠየቅ ግን ይችላሉ፤ ጥያቄውም ባለሙያውን መጠራጠር ሳይሆን ሥራውን በሥርዓት ማገዝ ነው።

አንደኛ፣ መኪናው ወደ ጋራዥ ሲገባ ስካነሩ ይህን ሞዴልና የስሪት ዓመት ያውቃልን? ለመጨረሻ ጊዜስ የታደሰው መቼ ነው? ይህ በመሣሪያው ላይ በቀላሉ የሚታይ ነገር ነው።

ሁለተኛ፣ ኮዱ ከመጥፋቱ በፊት ይመዝገብ። አንዳንድ ጊዜ ኮዱ ወዲያው ይጠፋና መብራቱ ስለጠፋ መኪናው የዳነ ይመስላል። ኮድ ማጥፋት ግን መጠገን አይደለም፤ ይልቁንም ብልሽቱ በተፈጠረበት ቅጽበት የተመዘገበው የሙቀት፣ የፍጥነትና የግፊት መረጃ አብሮ ይጠፋል። የስካነሩን ገጽ በስልክ ፎቶ ማንሣትና ከጥገና ማኅደሩ ጋር ማስቀመጥ ይበቃል። የአሶሳው መካኒክ ከተቸገረም ያንኑ ፎቶ አዲስ አበባ ላለ የሙያ ባልደረባው በቴሌግራም ልኮ ምክር ሊቀበል ይችላል።

ሦስተኛ፣ ዋጋው ከፍ ያለ ዕቃ ከመታዘዙ በፊት ከኮዱ ሌላ ምን ምርመራ እንደተደረገ ይጠየቅ። ማጣሪያው ታይቷልን? የኤሌክትሪክ ገመዱስ ተፈትሿልን? ባትሪው ደካማ አይደለምን?

አራተኛ፣ ከጥገናው በኋላ መኪናው ተነድቶ እንደገና ይነበብ። ሁለቱ ንባቦች፣ ማለትም ከጥገና በፊትና በኋላ የተወሰዱት፣ ከደረሰኙ ጋር ለሒሳብ ሹሙ ቢቀርቡ ለቁጥጥር ትልቅ እገዛ ይሆናል።

ወጣቶችን ለማቋቋም ላሰቡ የልማት ኮሚቴዎች ደግሞ ምክሩ አጭር ነው። የፕሮጀክት ሐሳብ ሲዘጋጅ “አንድ ስካነር” የሚለው መስመር ብቻውን አይቁም። ከሥሩ የቀጣዮቹ ዓመታት እድሳት፣ የኢንተርኔት ወጪና የሥልጠና ወጪ ይግቡ። በስጦታ የተገኘ መሣሪያ ከሆነም ማኅበሩ ከእያንዳንዱ ምርመራ ከሚያገኘው ገቢ ለእድሳት የሚሆን ጥቂት እያስቀመጠ እንዲሄድ በመተዳደሪያ ደንቡ ላይ ይጻፍ። ይህ ካልሆነ ወጣቱ ሙያ ይዞ፣ መሣሪያም ይዞ፣ አዲሶቹ መኪናዎች በፊቱ እያለፉ ወደ ሌላ ከተማ ይሄዳሉ።

መጪው ጊዜ

መንግሥት ጥር 2016 ዓ.ም. በነዳጅ የሚሠሩ አውቶሞቢሎች ወደ ሀገር እንዳይገቡ መወሰኑን ካስታወቀ ወዲህ የኤሌክትሪክ መኪናዎች በአዲስ አበባ ጎዳናዎች በርክተዋል። ወደ ምዕራቡ የሀገራችን ክፍል መድረሳቸውም አይቀርም። በእነዚህ መኪናዎች ላይ ከባትሪው ጤንነት እስከ ፍሬኑ ድረስ ያለው ምርመራ በአብዛኛው በሶፍትዌር የሚካሄድ ነው። አንዳንድ አዳዲስ መኪናዎች ደግሞ የሚጠቀሙት የግንኙነት ዘዴ ፈጣንና የተለየ በመሆኑ አሮጌው ስካነር ሶፍትዌሩ ቢታደስም ተጨማሪ ማገናኛ ወይም ሌላ መሣሪያ ሊጠይቅ ይችላል። በከፍተኛ ቮልቴጅ የሚሠራ ባትሪ ያለ ሥልጠና የሚነካ ባለመሆኑም ከመሣሪያው በፊት ሥልጠናው ሊቀድም ይገባል።

ከዚህ ሁሉ በፊት ግን ዛሬ በእጅ ያለው ሊከናወን ይችላል። በሚቀጥለው የሰበካ ጉባኤ ስብሰባ ላይ የአጥቢያው መኪና ሞዴልና የስሪት ዓመት በቃለ ጉባኤ ይመዝገብ፤ መኪናውን የሚጠግነው ጋራዥ ስካነርም መቼ እንደታደሰ ይጠየቅ። በአሶሳ ያሉ ሁለት ወይም ሦስት አጥቢያዎች መኪናቸውን በአንድ የታመነ ጋራዥ ለማስጠገን ቢስማሙ፣ ያ ጋራዥ የእድሳቱን ክፍያ ለመሸፈን የሚያስችል ቋሚ ሥራ ያገኛል፤ አጥቢያዎቹም ያላስፈላጊ ዕቃ ከመግዛት ይድናሉ።